ዘጠነኛው ጥያቄ

የሻረግ ሳታነብ የምትፈርመው ወረቀት የለም። ለንደን፣ ፓርክ ሮያል ውስጥ ባለ የሳንዱች ፋብሪካ ሥራ በጀመረች በሁለተኛው ዓመት፣ ሱፐርቫይዘሩ «ተራ ነገር ነው፣ እዚህ ጋ ሳይን አድርጊ» ብሎ ያስፈረማት ወረቀት የዚያን ዓመት የእሑድ ዕረፍቷን የሚወስድ ሆኖ ተገኘ። ከዚያ ወዲህ እንግሊዝኛውን በጣቷ እየተከተለች፣ ያልገባትን ቃል ስልኳ ላይ እየፈለገች፣ መጨረሻው መስመር ሳትደርስ እስክሪብቶ አታነሳም። የሥራ ባልደረቦቿ ይስቁባታል። እሷም አብራቸው ትስቃለች፤ ማንበቧን ግን አትተውም።

ባለፈው ዓመት ጥቅምት ላይ፣ አንድ ሐሙስ ከሰዓት በኋላ፣ ልጇ መቅዲ ከትምህርት ቤት ይዛው የመጣችውን ባለ አራት ገጽ ፎርምም እንዲሁ ልታነበው ተቀመጠች።

መቅዲ ያኔ አሥራ አምስት ዓመቷ ነበር። እናትና ልጅ ሼፈርድስ ቡሽ፣ ከገበያው ጀርባ፣ አራተኛ ፎቅ ላይ ባለች ፍላት ሁለት ሆነው ይኖራሉ። የመቅዲ አባት ከተለያቸው ስምንት ዓመት አልፎታል፤ ኑሮው ሌላ ከተማ ነው። ልጅቷ ሯጭ ናት። ባስ እንዳያመልጣት ስትሮጥ ያያት አስተማሪ ነው ያስጀመራት ትላለች የሻረግ። መቅዲ ይህን ታሪክ አትወደውም፤ «ኖ ማሚ፣ ራሴ ነኝ የተመዘገብኩት» ትላለች። ያም ሆነ ይህ፣ በዚያ ዓመት ትምህርት ቤቱ ለአገር አቋራጭ ቡድኑ ከመረጣቸው ስምንት ልጆች አንዷ እሷ ነበረች። የቀራት ነገር ወላጅ ሞልቶ የሚፈርመው የጤና ፎርም ብቻ ነው።

ፎርሙን መቅዲ ራሷ ሞልታው ነበር። አስም አለባት? የለባትም። ስኳር? የለባትም። ራሷን ስታ ታውቃለች? አታውቅም። «ኖ» በሚለው ረድፍ ከላይ እስከ ታች የተሰለፉት ምልክቶች አንድ ዓይነት ናቸው፤ ባስ ላይ ቆማ የሞላችው ይመስላል። እናቷ የምትፈርምበትን ቦታ መጨረሻው ገጽ ላይ አሳየቻት። የሻረግ ግን ወደ መጀመሪያው ገጽ ገልጣ ጀመረች። ዘጠነኛው ጥያቄ ላይ ስትደርስ ጣቷ ቆመ።

ከቤተሰቡ መካከል ዕድሜው አርባ ሳይሞላ በድንገት የሞተ፣ ወይም የልብ ሕመም ያለበት ሰው አለ ወይ ይላል።

መቅዲ እዚያም ላይ «ኖ» ብላለች። ልትዋሽ ብላ አይደለም። አታውቅም ነበር።

የሻረግ ጊዲዮን የሚባል ወንድም ነበራት። ነገሩ የሆነው ናዝሬት ነው፤ ደርግ በወደቀ በዓመቱ። እሷ አሥራ ዘጠኝ፣ እሱ አሥራ ሰባት ዓመታቸው ነበር። በትምህርት ቤቶች ውድድር ላይ ጊዲዮን አንድ ሺህ አምስት መቶ ሜትር ይሮጥ ነበር። የመጨረሻው ዙር ደወል ተደውሎ፣ እሱ ሁለተኛ ሆኖ እየመጣ፣ መታጠፊያው ላይ እግሮቹ ከዱት። የሻረግ የተደናቀፈ መስሏት ከተቀመጠችበት ሆና ሳቀች። ያ ሳቋ ዛሬም ድረስ ያንገበግባታል። ሰው እየገፋች ሜዳው ውስጥ ስትደርስ ፊቱ አቧራ ለብሷል፤ ትንፋሽ የለውም።

ሰፈሩ ሁሉ «መጋኛ መታው» አለ። እናታቸው ወይዘሮ ጸዳለም ይህንኑ ተቀበሉ። አርባው ከወጣ በኋላ ፎቶዎቹን ሰብስበው ቆለፉባቸው፤ ስሙም በቤት ውስጥ እንዳይነሳ ከለከሉ። ያኔ ስምንት ዓመቱ የነበረው ትንሹ ወንድማቸው ሲላስ፣ ጊዲዮን «ታሞ ሞተ» ሲባል ብቻ እየሰማ አደገ። የሻረግም ለንደን ከገባች በኋላ ለማንም ትንፍሽ አላለች። ለመቅዲ አባትም ቢሆን አልነገረችውም።

እና አሁን ይህ ወረቀት ጠየቃት። ከሠላሳ ዓመት በላይ ሲያልፍ ስለ ወንድሟ አሟሟት ማንም ጠይቋት አያውቅም ነበር።

እስክሪብቶዋን አንስታ የመቅዲን ምልክት ሰረዘችውና «የስ» ላይ ምልክት አደረገች። አጠገቡ ባለው ክፍት ቦታ ላይ «ወንድሜ፣ ጊዲዮን፣ አሥራ ሰባት ዓመት፣ ሲሮጥ» ብላ በእንግሊዝኛ ጻፈች። ከዚያ ፈረመች።

ለመቅዲም እዚያው ጠረጴዛው ላይ ሁሉንም ነገረቻት። መቅዲ ከሲላስ ሌላ አጎት እንደነበራት የሰማችው ያኔ ነው። ቀጥሎ ግን ያሰበችው ስለ ቡድኑ ነው፤ በዚያ ዕድሜ ማን ሌላ ነገር ያስባል? እንደሚያስወጧት፣ ወረቀቱን ማንም እንደማያነበው፣ የሌሎቹ ልጆች ወላጆች ሁሉንም «ኖ» ብለው ፈርመው እንደሚልኩ ደጋግማ ተናገረች። የሻረግ እስክትጨርስ ጠብቃ «ማንም የማያነበው ከሆነ ምን ያስፈራሻል?» አለቻት። መቅዲ በሩን ገጭ አድርጋ ዘግታ ክፍሏ ገባች።

አነበቡት። ማክሰኞ ዕለት መቅዲ ከልምምድ ታገደች፤ ከሐኪም ደብዳቤ እስክታመጣ ድረስ መሮጥ አትችልም ተባለ። የሻረግ ጂፒ ወደሚሉት የሰፈሩ ሐኪም ቤት ደውላ ቀጠሮ ያዘች። ከሦስት ሳምንት በኋላ ያየቻቸው ዶክተር የመቅዲን ደረት ለሁለት ደቂቃ አዳምጣ ጤነኛ ናት አለች። ደብዳቤውን ሲጠይቋት ግን ለስፖርት ማረጋገጫ መጻፍ የእነሱ ሥራ እንዳልሆነ ገለጸችላቸው። ስለ ጊዲዮንም ሲነሳላት፣ ከሠላሳ ዓመት በፊት ሌላ አገር የሆነ፣ የሐኪም ማስረጃ የሌለው ነገር ነው ብላ አለፈችው። ትምህርት ቤቱ ያለ ደብዳቤ አይሆንም ይላል፤ ጂፒው ደብዳቤ አልጽፍም ይላል። በመሀሉ የአገር አቋራጩ ወቅት እያለፈ ነው። መቅዲ ጓደኞቿ በጭቃ ተለውሰው ሲመለሱ ቦርሳቸውን ስትጠብቅ ትውላለች።

ኅዳር መጨረሻ ላይ የስፖርት ክፍሉ ኃላፊ የሻረግን አስጠራት። ክፉ ሰው አይደለም፤ መቅዲንም ከልቡ ያደንቃታል። ሻይ አቀረበላት፤ ከዚያ ከመሳቢያው ያልተሞላ አዲስ ፎርም አውጥቶ ፊት ለፊቷ አስቀመጠው። ዘጠነኛው ጥያቄ ያን ያህል ግልጽ እንዳልሆነ፣ እንግሊዝኛ ሁለተኛ ቋንቋቸው ለሆነ ወላጆች አንዳንዴ እንዲህ ያለ መደናገር እንደሚያጋጥም፣ እሷም ተረጋግታ እንደገና ብትሞላው ነገሩ በዚያው እንደሚያልቅ በለሰለሰ ድምፅ አስረዳት። ዋሺ አላላትም። ዋሽታ እንድትወጣ በሩን ገርበብ አደረገላት እንጂ።

መቅዲ አጠገቧ ተቀምጣ ባዶውን ፎርም እያየች ነበር። የሻረግ የልጇን ፊት አየችው። አንድ ምልክት ብቻ ነው የሚፈለገው፤ ነገ ጠዋት ልጅቷ ጫማዋን አስራ ትወጣለች፣ ለእናቷም ፊቷን ትፈታለች። እጇን ወረቀቱ ላይ አሳረፈችና ወደ ሰውየው መልሳ ገፋችው።

«እንግሊዝኛው ገብቶኛል» አለችው። «ሰው ሞቷል ወይ ነው ጥያቄው። ሞቷል። አሥር ፎርም ቢሰጡኝም ሞቷል።»

ሰውየው ቀላ። እንግዲያው ልጅቷን ማሰለፍ እንደማይችል ነገራት። የሻረግ እንደምታውቅ፣ ስሟን ግን ከዝርዝሩ እንዳያወጣው፣ ደብዳቤውን እንደምታመጣ ነግራው ተነሳች። ሻይዋን አልነካችውም። ወደ ቤት ሲመለሱ መቅዲ የባሱ ላይኛው ፎቅ ወጥታ ተቀመጠች፤ እናቷ ታች።

መቅዲ በእናቷ ተስፋ ስትቆርጥ ለአጎቷ ደወለች። ሲላስ የሚኖረው እዚያው ለንደን፣ አርችዌይ ነው፤ የኮምፒውተር ባለሙያ፣ የአማርኛ ቤተ ክርስቲያን ሽማግሌ፣ የአንዲት ልጅ አባት። በቅዳሜው መጣ። እህቱን ያከብራታል፤ አሥራ አንድ ዓመት ትበልጠዋለች፤ ከልጅነቱ እትዬ ነው የሚላት። የዚያን ቀን ግን ኮስተር ብሎ ነበር። አንዴ መዝገብ ላይ የሰፈረ ነገር እንደማይጠፋ፣ ነገ ለሥራም ለትዳርም ልጅቷን እየተከተለ እንደሚያስቸግራት፣ ደማቸው አንድ ስለሆነ የእሱ ልጅ ኪዲም ስሟ አብሮ እንደሚነሳ ዘረዘረላት። የሻረግ ጊዲዮን እንዴት እንደሞተ ታውቃለህ ወይ አለችው። ታሞ ነው አላት። ያኔ ሜዳውን፣ ደወሉን፣ አቧራውን ነገረችው። ሳቋን ሳይቀር።

ሲላስ «እትዬ፣ እኛ በእምነት ነው የምንኖረው» ብሎ ተነሳ።

የሻረግ አሁን ማስረጃ ያስፈልጋታል። ማስረጃ ያለው ደግሞ አንድ ሰው ጋ ብቻ ነው። ናዝሬት ለእናቷ ደወለች። ወይዘሮ ጸዳለ የጊዲዮንን ስም እንደሰሙ ስልኩን ዘጉት። በነጋታው ደወለች፤ ዘጉት። የሻረግ ምሳ ሰዓት ላይ፣ ፋብሪካው ልብስ መቀየሪያ ክፍል ውስጥ፣ የራስ መሸፈኛዋን እንኳ ሳታወልቅ በየቀኑ ትደውላለች። ዘጠኝ ቀን እንዲህ አለፈ። በአሥረኛው ቀን እናቷ አልዘጉም።

ጊዲዮን ከዚያ በፊት ሁለት ጊዜ ወድቆ እንደነበር ተናገሩ። አንዴ ወፍጮ ቤት እህል ተሸክሞ፣ አንዴ ኳስ ሲጫወት። ሁለቱንም ጊዜ ውሃ ረጭተውበት ተነስቷል። ከዚያም የሻረግ ሰምታው የማታውቀውን ነገሯት፤ የእሳቸው ታናሽ ወንድም በሃያ ስድስት ዓመቱ ከመኪና ላይ ጆንያ ሲያራግፍ እንደዚያው ተዘርሮ ቀርቷል።

«ሁለት ቀብሬያለሁ» አሏት። «ምን ብዬ ላውራ? ከእሷ ዘር ነው የመጣው እንዲሉኝ? መጋኛ ሲሉልኝ ደስ ነው ያለኝ። መጋኛ የማንም ጥፋት አይደለም።»

«ያንቺም ጥፋት አይደለም፣ እማዬ» አለቻቸው የሻረግ። «ነው የሚል ካለ እኔ ጋ ይምጣ።»

እናቷ አለቀሱ። እሷ ግን ማልቀሻ ጊዜ አልነበራትም፤ የዕረፍት ሰዓቷ ሊያልቅ አራት ደቂቃ ነው የቀረው። የነገሯትን ሁሉ የሳንዱች መጠቅለያ ካርቶን ጀርባ ላይ በእንግሊዝኛ ጻፈችው። ማን፣ በስንት ዓመቱ፣ ምን ሲያደርግ።

ለማግሥቱ ጠዋት ፈቃድ ጠየቀች። ሱፐርቫይዘሩ የገና ሥራ በዝቷል ብሎ ከለከላት፤ ከቀረች ዋርኒንግ እንደሚጽፍባት አስታወቃት። «ጻፈው» አለችው። «ስሜን ግን በትክክል ጻፈው።» በነጋታው ሁለት ሰዓት ተኩል ላይ ጂፒው በር ላይ ነበረች። ሪሴፕሽን ያለችው ልጅ ቀጠሮ እንደሌላት፣ ባዶ ቦታም እንደሌለ ነገረቻት። የሻረግ አመሰገነቻትና ወንበር ላይ ተቀመጠች። ሕጻናት ሲያለቅሱ፣ ሽማግሌዎች ስማቸው ሲጠራ፣ እሷ አልተነሳችም። ሁለት ጊዜ እንድትሄድ ነገሯት፤ ሁለቱንም ጊዜ «እጠብቃለሁ» አለች። ሰባት ሰዓት ሲሆን ዶክተሯ ወደ ምሳ ስትወጣ አገኘቻትና ካርቶኑን ሰጠቻት።

ዶክተሯ ቆማ አነበበችው። እንደገና ከላይ ጀምራ አነበበችው። ከዚያ በሩን መልሳ ከፍታ «ግቢ» አለቻት። ኮቷን እንደለበሰች ኮምፒውተሯ ላይ መጻፍ ጀመረች፤ እየጻፈችም ባለፈው መጠየቅ የነበረባትን ሳትጠይቅ እንደቀረች ሳትሸፋፍን አመነች። በዘር የሚተላለፍ የልብ ሕመም የሚያይ ክሊኒክ ሪፈር አደረገቻቸው። መጀመሪያ የምትታየው ግን መቅዲ ሳትሆን የሟቹ እህት፣ የሻረግ ራሷ ነበረች። ያን አላሰበችውም ነበር።

የካቲት ላይ ጨለማ ክፍል ውስጥ በጎኗ ተኝታ ልቧን በስክሪን አዩት። ሐኪሙ ወጣት ነበር፤ ወንበሩን አጠገቧ ስቦ ሥዕል እየሣለ አስረዳት። የልቧ ጡንቻ ከሚገባው በላይ ወፍሯል። ጊዲዮንም፣ አጎቷም የሞቱት በዚሁ ሳይሆን አይቀርም። ሊፍቱ ሲበላሽ አራት ፎቅ ወጥታ የሚቆራረጠው ትንፋሿ፣ እሷ እርጅና ያለችው፣ እርጅና አልነበረም። መድኃኒትና ክትትል እንደሚያስፈልጋት፣ ብዙ ሰው ከዚህ ጋር ዕድሜውን ሙሉ እንደሚኖር ነገራት። የሻረግ አንድ ነገር ብቻ ጠየቀችው፦ «ልጄስ?»

የመቅዲ ልብ በዚያው ሳምንት ታየ፤ ንጹሕ ነው። ነገር ግን ሕመሙን ወርሳ እንደሆነ የሚያሳየው የደም ምርመራ ውጤት እስኪመጣ ድረስ ሩጫ የለም ተባለ። እስከ ግንቦት ጠበቁ። በእነዚያ ወራት መቅዲ ሌላ ሰው ሆነች። የእናቷን ክኒን ሰዓት እየጠበቀች ታመጣለች። አንድ እሑድ ወርምውድ ስክራብስ ሜዳ ላይ አብረው በእግር ሲሄዱ በድንገት ስለ ጊዲዮን ጠየቀች።

«ሁለተኛ ነበር አልሽኝ። ከፈርስቱ በስንት ሜትር ነው የራቀው?»

የሻረግ ቆማ አሰበች። በዚያን ጊዜ ማንም ያን አላሰበም። «አምስት» አለቻት። «አምስት ቢሆን ነው። እየቀረበው ነበር።»

«ይይዘው ነበር» አለች መቅዲ፣ እንደ ሯጭ።

የደም ውጤቱ መጣ። መቅዲ አልወረሰችውም። የሐኪሙን ደብዳቤ የሻረግ በእጇ ይዛ ትምህርት ቤት ሄደች። የስፖርት ክፍሉ ኃላፊ አንብቦ ሲጨርስ በጣም ደስ እንዳለው ተናገረ፤ መቅዲ ለሰኔው ውድድር መመለስ ትችላለች አለ። መቅዲ ግን ወዲያው አልተቀበለችውም። ያን ቀን እናቷ እንግሊዝኛው እንዳልገባት አድርጎ የተናገረው ልክ እንዳልነበረ ለእናቷ እንዲነግራት ጠየቀችው። ዓይኗን ከሰውየው ላይ አላነሳችም። ሰውየው ወደ የሻረግ ዞሮ ይቅርታ ጠየቃት። የሻረግ ተቀበለችው። ሰኔ ላይ መቅዲ ስምንት መቶ ሜትር ሮጣ አምስተኛ ወጣች። ከጥቅምት ጀምሮ አልሠራችምና እግሯ አልታዘዛትም፤ በንዴት ወደ ቤት ሄደች።

የሻረግ ግን ሥራዋን አልጨረሰችም። ሲላስም የጊዲዮን ወንድም ነው። ስለ ውጤቱ በስልክ ነግራው ነበር፤ እንደሚጸልይበት ነግሯት ነበር፤ ከዚያ ወዲያ ስልክ ማንሳት ተወ። አንድ ቅዳሜ ሳትነግረው አርችዌይ ሄደች። እቤት ስትገባ የአሥራ ሁለት ዓመቷ ኪዲ ከኳስ ልምምድ ገና መመለሷ ነበር፤ ካልሲዋ እስከ ጉልበቷ ጭቃ ነው፣ ጉንጯ በርበሬ መስሏል። ልጅቷ ለአንድ ትልቅ ክለብ የሴት ታዳጊዎች ቡድን ልትፈተን ሁለት ሳምንት ነው የቀራት።

ሲላስ እህቱን ወደ ጓዳ ወስዶ፣ ልጁ ምንም እንደሌለባት፣ በሌለ ነገር ፍርሃት እንድታስገባባት እንደማይፈልግ ነገራት። እግዚአብሔር ጠባቂዋ ነው አላት።

«ጸልይላት» አለችው የሻረግ። «እኔም እጸልይላታለሁ። ጸልየህ ስትጨርስ ደውለህ ቀጠሮ ያዝላት። ሳትደውል ከዚህ ቤት አልወጣም።»

ክሊኒኩ ቅዳሜና እሑድ ዝግ ነው አላት። ሰኞ እንደሚከፈት፣ እሷም ሰኞ ዕረፍቷ እንደሆነ ነገረችው። ለመቅዲ ደውላ መምጣት እንደማትችል አሳወቀቻት፤ መቅዲም የክኒን ከረጢቷን ይዛላት መጣች። የሻረግ ሳሎኑ ውስጥ ሶፋው ላይ አደረች። እሑድ አብራቸው ቤተ ክርስቲያን ሄዳ፣ አብራቸው ተመለሰች። የሲላስ ሚስት ብርድ ልብስ አመጣችላት፤ ሁለተኛው ሌሊት ላይ ደግሞ ትራስ ጨመረችላት። ሰኞ ጠዋት ሁለት ሰዓት ላይ ሲላስ ስልኩን አንስቶ ደወለ። እህቱ አጠገቡ ቆማ ነበር።

ክሊኒኩ ቤተሰቡን አስቀድሞ ያውቅ ስለነበር በሳምንቱ አያቸው። ሲላስ አለበት። ኪዲም አለባት። የእሷ ከአባቷም፣ ከአክስቷም ይብሳል። ሐኪሞቹ ውድድር ያለበት ኳስ ከዚያን ቀን ጀምሮ እንድታቆም አዘዙ። በዚያ ፈተና ሜዳ ላይ ሮጣ ቢሆን ኖሮ ምን ይሆን ነበር ብሎ ሲላስ ጠየቃቸው፤ የሰጡትን መልስ ለማንም አልደገመውም። ያን ዕለት መጀመሪያ የደወለው ለእህቱ ነበር።

ኪዲ ለአክስቷ ይቅርታ አላደረገችም። ሐምሌ ላይ ሁለቱ ቤተሰቦች ሲላስ ቤት ለምሳ ሲሰበሰቡ፣ ልጅቷ የሻረግን ሳትስማት፣ ዓይኗንም ሳታሳርፍባት አልፋ ክፍሏ ገባች። ኳሴን የወሰደችብኝ እሷ ናት እያለች እንደምትናገር ሁሉም ያውቃል። ሲላስ አፍሮ ሊቆጣት ከወንበሩ ተነሳ። የሻረግ ክንዱን ይዛ አስቀመጠችው።

«ተዋት» አለችው። «ትኑርና ትጥላኝ።»